ጥሩምባ ይነፋል

ፍኖተ ሰላም ዋናው መንገድ ላይ ሳልፍ የባጃጅ ሾፌሮች እስካሁን «ዘበኛው! ዘበኛው መጣ!» ይሉኛል። ስሜ ልየው ነው፤ ግን ማን ያውቀዋል? አንድ ፊልም ላይ የሀብታም ቤት በር ከፍቼ «ጌታዬ አልተመለሱም» ስላልኩ ዕድሜ ልኬን ዘበኛ ሆኜ ቀረሁ። ዱሮ እቆጣ ነበር። አሁን «ምነው፣ በር ልክፈትልህ?» እላቸዋለሁ። ይስቃሉ፣ እኔም እስቃለሁ፣ መንገዴን እቀጥላለሁ።

ጡረታ የወጣሁ ሰሞን አንዲት ጎረቤቴ፣ መምህር ናት፣ «ጋሼ ልየው፣ ቁጭ ከሚሉ ለምን የሥራ ዘመንዎን አይጽፉም?» አለችኝ። «ምኑን ልጻፍ? በር መክፈቴን?» አልኳት። ሳቀች። ቤቴ ስገባ ግን ነገሩ አልለቀቀኝም። ብዕር ሳነሳም ቀድመው የመጡብኝ ጋሼ አለኸኝ ናቸው። የኔ የሥራ ዘመን የሚባል ነገር ካለ የሚጀምረው በእሳቸው ነው፤ ያበቃውም በእሳቸው ነው። ስለ እሳቸው አንድ ጊዜ ጽፌ ነበር፤ ምን እንዳመጣ የቡሬም የሽንዲም ሰው ያውቀዋል። ላላወቀ ልናገር።

የአውራጃው ኪነት ቡድን ውስጥ የገባሁት ዘፋኝ እሆናለሁ ብዬ ነበር። ጎረምሳ ነኝ፣ ድምፄ እንደ ጥጃ ነው፣ እኔ ግን አላውቅም። ኃላፊያችን አንድ ዘፈን እስከ ግማሽ ሰምተው «አንተ ልጅ፣ ቅር አይበልህ፣ ብትናገር ይሻልሃል» አሉኝና ወደ ቲያትሩ ክፍል መሩኝ። እዚያ ጋሼ አለኸኝ ጥግ ላይ ተቀምጠው ጫማ ያወልቃሉ። ቀና ብለው አዩኝ። አፌን አይደለም ያዩት፣ እግሬን ነው።

«በየትኛው እግርህ ነው የምትቀድመው?» አሉኝ።

«አላውቅም» አልኳቸው።

«እንግዲያስ ገና ነህ። እስክታውቅ ሂድና ተመላለስ።»

ያን ቀን ሙሉ ግቢው ውስጥ ስመላለስ ዋልኩ። ደመወዛችን የምታሳፍር ነበረች፣ አበልም ቶሎ አይፈርሙልንም ነበር፤ ይህን ብዬ ልለፈው። ያስተማሩኝ ግን በገንዘብ የሚገኝ አልነበረም።

ጋሼ አለኸኝ የሚጫወቱት ክፉ ሰው ነበር። ሁልጊዜ ክፉ ሰው። ሚስት የሚደበድበውን ሰካራም፣ የእህል ሌባውን፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ ጭቃ ሹሙን፣ ማለት በንጉሡ ጊዜ ከገበሬው ግብር የሚሰበስበውን የመንደር ሹም። ፊታቸው ላይ ምንም ክፋት የለም እኮ። መድረክ ላይ ሲወጡ ግን እንኳን ተመልካቹ እኛ ባልደረቦቻቸው እንሸሻቸው ነበር።

«እግሩን ሳታገኝ አፍህን አትክፈት» ነበር የሁልጊዜ ቃላቸው። ሌላው ቃለ ተውኔቱን ሲሸመድድ እሳቸው የገበያ ቀን ጠብቀው ገበያ ይወርዳሉ። አንድ ሰው ይመርጡና ከኋላ ከኋላው ይከተሉታል። ሲቆም ይቆማሉ፣ ሲያነክስ ያነክሳሉ፣ ነጠላውን ሲያጣፋ ያጣፋሉ። አንድ ጊዜ የተከተሉት ሰው የበሬ ነጋዴ ኖሮ ሌባ መስለውት ዱላ አነሳባቸው። «ኧረ ጌታው፣ አረማመድዎ አምሮኝ ነው!» ቢሉት ጭራሽ ባሰበት፤ እኛ ደርሰን ገላገልን። በሳምንቱ ያንን ነጋዴ መድረክ ላይ አየነው። ሰውየው ራሱ ከተመልካቹ መሀል ነበር አሉ፤ «ይህን ሰው የት ነው የማውቀው?» ሲል አመሸ።

ልብስም እንዲሁ ነው። የጭቃ ሹሙን ካባ ከትርኢቱ በፊት ቤታቸው ወስደው ይለብሱታል። ለብሰውት እንጨት ይፈልጣሉ፣ ለብሰውት ምሳ ይበላሉ። ባለቤታቸው እትዬ የሺ «ኧረ እናንተዬ፣ እኔ ያገባሁት አለኸኝን ነው ጭቃ ሹሙን?» እያሉ ያማርሩ ነበር። የውሸት ዕቃም አይወዱም። እንስራ ከተሸከሙ ውኃ መሞላት አለበት፤ ጆንያ ከሆነ እህል። «ባዶ የተሸከመ ሰው ትከሻው ያሳብቅበታል፣ ልየው። ሰው ሞኝ እንዳይመስልህ» ይሉኝ ነበር። ይህን ቃላቸውን እንደ ጸሎት ነው የያዝኩት። ኋላ ጉድ የሠራንም ይኸው ነው።

ትርኢት ሲያልቅ ሌላው ተዋናይ በጓሮ በር ይወጣል። እሳቸው በዋናው በር ወጥተው ሕዝቡ መሀል ይቆማሉ። ይሰደባሉ። «ጨካኝ!» ይላቸዋል አንዱ፤ «አንተን ብሎ ሹም!» ይላቸዋል ሌላው። ዝም ብለው ይሰማሉ። ለምን እንዲህ እንደሚያደርጉ ብጠይቃቸው «ያልሰደበኝ ከሆነ አልሠራሁም ማለት ነው፤ ሳላውቅ እንዴት እተኛለሁ?» አሉኝ። ሽንዲ ሄደን የተጫወትን ጊዜ አንዲት እናት ዱላቸውን ይዘው መጡና ትከሻቸውን አቀመሷቸው። ጋሼ አለኸኝ ጎንበስ አሉና «ይገባኛል እናቴ» አሉ። ሴትዮዋ ደነገጡ፤ ዱላቸውን ጥለው ሄዱ።

በጭነት መኪና ስንመለስ ሁላችንም በሳቅ ፈረስን። እሳቸውም አብረውን ሳቁ። ከዚያ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፦

«ልየው፣ ይህ ሁሉ ሰው እንዲህ ጠልቶኝ የሞትኩ ዕለት ማን ያለቅስልኛል?»

ቀልድ መሰለኝ። «እኔ አለቅሳለኋ!» አልኳቸው።

«አንተማ ተዋናይ ነህ» አሉኝ።

እሳቸውና እትዬ የሺ ልጅ አልወለዱም። በእኛ አገር ደግሞ ሰው ምን እንደነበር የሚታየው በቀብሩ ቀን ነው። ባለጠጋ ሆኖ ለቀስተኛ ያጣ አለ፤ ምንም የሌለው ሆኖ ተራራው ነጠላ ለብሶ የወረደለት አለ። ጋሼ አለኸኝ ያችን ቀን ይፈሯት ነበር። መሞቱን አልነበረም የፈሩት። ይህ የገባኝ ግን በጣም ዘግይቶ ነው።

መንግሥት ሲለወጥ ኪነቱ ተበተነ። እኔ ባህል ጽሕፈት ቤት ተመደብኩ፤ ደብዳቤ ሳደርስ፣ በዓል ሳደራጅ፣ ከአንዱ ኃላፊ ወደ ሌላው ስተላለፍ ዓመታት ነጎዱ። አንዳንዱ ኃላፊ ደግ ነበር፣ አንዳንዱ ቲያትር ማለት የስብሰባ መክፈቻ ይመስለው ነበር። መሀል ላይ ፊልም መጣ። ከአዲስ አበባ የሚመጡ ልጆች ፊቴን ወደዱት። ሽማግሌ፣ ዘበኛ፣ ገበሬ፣ አልፎ አልፎ የሰፈር ጠንቋይ ሆንኩ። ሥራው ደስ ይለኝ ነበር፤ አንድ ነገር ግን ያንገበግበኛል። አፌን ስከፍት «ፋዘር፣ ጎጃምኛውን ጨምሩበት! ሰው እንዲስቅ!» ይሉኛል። ምኑን ልጨምርበት? የምናገረው እኮ የእናቴን ቋንቋ ነው። አንድ ጊዜ አዘጋጁን «ልጄ፣ አንተስ አዲስ አበብኛውን ብትቀንስ?» ስለው ሁሉም ሳቁና ካሜራውን አዞሩ። ጨመርኩላቸው። ምን ላድርግ? በሩን ከፈትኩ፣ ጎጃምኛውን ጨመርኩ፣ ሰው ሳቀ።

ከዚያ ጥርሴ ረገፈ። ቃሉ ከአፌ ሲወጣ ነፋስ ይቀላቀለው ጀመር። «ፋዘር፣ እንደገና» ሲበዛብኝ ማውራቱን ትቼ መጻፍ ጀመርኩ። የፊልም ጽሑፍ ማለት ሰው ምን እንደሚያደርግና ምን እንደሚናገር በየትዕይንቱ ማስቀመጥ ነው፤ እኔ ደግሞ ሰው እንዴት እንደሚራመድ ከጋሼ አለኸኝ ተምሬያለሁ። የጻፍኩትን አንዱ ይረዝማል አለኝ፣ አንዱ ወጣት የለበትም አለኝ፣ አንዱ ሳያነበው ጠፋ። በመጨረሻ ናቲ የሚባል አዘጋጅ፣ ጎበዝ ልጅ፣ ጸጉሩን ያንጨባረረ፣ አንዱን ጽሑፌን አንብቦ ስልክ ደወለልኝ። «ፋዘር፣ ይቺን እኔ ነኝ የምሠራት!» አለ።

ያች ጽሑፍ የጋሼ አለኸኝ ነበረች። ማለት ለእሳቸው ብዬ ነው የጻፍኳት። መንደሩ ሁሉ የሚጠላው አንድ ሽማግሌ አለ፤ ሰዎች ክፉነቱን እንጂ ሌላውን አያውቁለትም። ሲሞት ግን ለእያንዳንዱ በስውር የዋለው ነገር አንድ በአንድ ይወጣል፤ መንደሩም ወጥቶ ያለቅስለታል። ዕድሜ ልካቸውን የተጠሉት ሰውዬ አንዴ እንኳ ይለቀስላቸው ብዬ ነበር።

ጋሼ አለኸኝ ያን ጊዜ ከቡሬ ወደ ሽንዲ ከሚወስደው መንገድ ገባ ብሎ ባለው የትውልድ መንደራቸው ነበር የሚኖሩት። ትንሽ መሬት፣ ሁለት ላሞች፣ እትዬ የሺ። የእድሩ አባል ናቸው፤ ለቅሶ አምልጧቸው አያውቅም፤ መቃብር ሲቆፈር መጀመሪያ ዶማ የሚያነሱት እሳቸው ናቸው። እንዲህም ሆነው ሰው ለቀልድ «ጭቃው» ነው የሚላቸው። ሄጄ ጽሑፉን አነበብኩላቸው፤ ዓይናቸው ደክሞ ነበር። የለቅሶው ትዕይንት ላይ ስደርስ እጄን ያዙኝ።

«እስቲ እሷን ድገማት።»

«የመንደሩ መስክ፣ ቀን። አስከሬኑ በቃሬዛ ላይ ተጋድሟል። ጥሩምባ ይነፋል» ብዬ አነበብኩ።

«ጥሩምባ ይነፋል» አሉ ለራሳቸው። ፊታቸው የልጅ ፊት መስሎ ነበር።

ቀረጻው በኅዳር፣ በአጨዳ ወቅት ሆነ። እድሩ ፈቀደ፤ የመንደሩ ሰውም ለለቅሶው ትዕይንት እንዲወጣ ተነገረው። ናቲ ጥሩምባውን በቀላሉ ነበር ያሰበው። «ፋዘር አታስቡ፣ ሳውንዱን ስቱዲዮ እናስገባዋለን» አለኝ። ለእኔም ልክ ነበር። ሟቹን ሆነው የተጋደሙት ጋሼ አለኸኝ ግን ከቃሬዛው ላይ ብድግ አሉ።

«የለም! ጥሩምባ ሳይሰማ የሚያለቅስ ሰው የት አይታችኋል? እነዚህ ሰዎች ገበሬ ናቸው፣ ተዋናይ አይደሉም። እንባ ውጣ ስላሉት አይወጣም። ካላስነፋችሁ አልተኛም።»

የእድሩ ጥሩምባ ነፊ አያ በላይ ናቸው። በእኛ አገር ሰው ሲሞት እሳቸው ከኮረብታው ላይ ይነፋሉ፤ የሰማ ሁሉ ማጭዱን ጥሎ፣ ሞፈሩን አቁሞ፣ ማን እንደሞተ እየጠየቀ ይመጣል። ቀርቼ ነበር የሚባል ነገር የለም። ጥሩምባውን ይንፉልን ስንላቸው አያ በላይ ወደ ደረታቸው አስጠጉት።

«ይህ ዕቃ ዋሽቶ አያውቅም» አሉ።

እኔ ነኝ የለመንኳቸው። «አያ በላይ፣ በሞቴ፣ ለሳቸው ብለው። አንድ ጊዜ ብቻ፣ አጠር አድርገው።» ጋሼ አለኸኝም በዚያ ዕድሜያቸው የአያ በላይን ጉልበት ለመሳም ጎንበስ አሉ። አያ በላይ ከጉልበታቸው ላይ አነሷቸው፤ ራሳቸውን እየነቀነቁ ኮረብታው ላይ ወጡ። ነፋሱ ወደ የት እንደሚሄድ ማንም አላሰበም። ነፋሱ ከመንደሩ በታች ካለው ወንዝ ማዶ፣ ስለ ቀረጻው ወዳልተነገራቸው ሰዎች ነበር የሚሄደው።

ተነፋ። የመንደሩ ሰዎች ጥቂት አለቀሱ፤ እያፈሩ፣ ካሜራውን እያዩ። ናቲ ፊቱን አጨማደደ። ሁለተኛ እንቅረጽ ሊል ሲል ከማዶ ጩኸት ተሰማ። ቀና ስል ሰው ቁልቁለቱን ይወርዳል። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል፤ ወንዶቹ ገና ማጭዳቸው በእጃቸው ነው። «ማን ነው? ማን ነው?» ይላሉ። አንዱ እረኛ ቃሬዛውን አይቶ «ጋሼ አለኸኝ ናቸው!» ብሎ ኖሮ ለቅሶው ወንዙን ተሻግሮ መጣ። በአንድ አፍታ መስኩ ሞላ። ደረት የሚመታው፣ መሬት የሚወድቀው፣ «ወንድሜን! ወንድሜን!» የሚለው... እኔ በሠላሳ ዓመት ትወና እንዲህ ያለ ነገር አላየሁም። ናቲ ጆሮዬ ሥር ሆኖ ካሜራ ያዡን «አትቁረጥ! አትቁረጥ!» እያለ ይንሾካሾካል። እውነተኛ ለቀስተኞች መሆናቸው አልገባውም፤ እኔ ነኝ የጠራኋቸው መስሎታል።

እኔ ገብቶኛል። አፌን ልከፍት ስል እማማ አትጠገብ ወደ ቃሬዛው ቀረቡ። ከማዶ ያሉ አሮጊት ናቸው፤ በአካባቢው ለቅሶ እሳቸው ሙሾ ሳያወርዱ አይሞቅም። ፊታቸውን ነጭተው ደም ይታያል። እንዲህ አሉ፦

መድረክ ላይ ሲከፋ አይተን ስንጠላው፣
ለካስ ደጉ ሰው ነው ውስጡ የተኛው።

መስኩ በአንድ ድምፅ ተነሳ። የጋሼ አለኸኝ መግነዝ ደረታቸው ላይ ከፍ ዝቅ ሲል አየሁ። ከጨርቁ ሥር ሆነው እሳቸውም ያለቅሳሉ። ከዚያ አልቻሉም፤ ጨርቁን ገፈው ቁጭ አሉ።

«አታልቅሱ፣ አለሁ!» አሉ።

በስመ አብ! ያ ጩኸት! አንዱ በገለባው ላይ እግሬ አውጪኝ አለ፣ አንዱ ወደቀ፣ አንዱ ዱላ አነሳ። ካሜራው ተገለበጠ። የፊልም ነገር መሆኑ ሲገባቸው ድንጋጤው ወደ ቁጣ ዞረ። «በቁም ሰው ታስለቅሱናላችሁ?» አሉን። እማማ አትጠገብ ግን አልጮኹም። ከደም ጋር የተቀላቀለ እንባቸውን በነጠላቸው ጠርገው ጋሼ አለኸኝን ትክ ብለው አዩአቸው።

«አለኸኝ፣ እንባዬን መልስልኝ» አሉና ወደ ማዶ ሄዱ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እኔ፣ ናቲና ጋሼ አለኸኝ ማጅራታችን ላይ ድንጋይ ተሸክመን ጎንበስ ብለን ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ቆምን። ሽማግሌዎቹ ይቅር አሉን። አንድ ነገር ግን አስማሉን፦ ያ ለቅሶ በፊልም ለማንም እንዳይታይ። ናቲ ማለ፤ ቃሉንም ጠበቀ። ልጅ ነው ብዬ የናቅኩት ከብዙ ሽማግሌ በላጭ ሆኖ አገኘሁት። ፊልሙ ያለ ለቅሶው ምንም አልነበረምና እዚያው ቀረ። ጋሼ አለኸኝ ዕድሜ ልካቸውን ከሠሩት ሁሉ የሚበልጠውን፣ ክፉ ያልሆኑባትን አንዷን፣ አንድም ሰው አላየላቸውም። የኔም ጽሑፍ ይኸው ነበር፤ ከዚያ ወዲያ አልጻፍኩም።

ያን እሑድ ከይቅርታው በኋላ ደጃቸው ላይ ተቀመጥን። ማጅራቴን አሞኛል፣ ቀና ብዬ ሰው ማየት አፍሬያለሁ። እሳቸው ግን ክንዴን ነካ አደረጉኝ።

«ልየው፣ ሰማህ አይደል? ከማዶ ድረስ እኮ ነው የመጡት!»

«ኧረ ጋሼ፣ ተዉት» አልኳቸው።

«አትጠገብ እኮ ናት ያለቀሰችልኝ። አትጠገብ!» አሉና ያችን ሙሾ ከራስዋ እስከ ጫፍዋ በቃላቸው አሉልኝ። ደስ ብሏቸው ነበር። እኔ ግን መኪና እንዳያመልጠኝ ብዬ ተነስቼ ሄድኩ።

በነሐሴ ታመዋል ተባለ። ስልክ በአካባቢው አይሠራም ነበር፤ ከቡሬ የመጣ ሾፌር ነው ቃሉን ያደረሰኝ። መኪናም በዚያ ሰሞን አንድ ቀን አለ፣ አንድ ቀን የለም። እንደምንም ደረስኩ። አወቁኝ፤ ስሜን ጠሩ፤ ሌላ ግን መናገር አልቻሉም። በማግሥቱ ረፋዱ ላይ እትዬ የሺ እጃቸውን እንደያዙ አረፉ።

አያ በላይ ኮረብታው ላይ ወጡ። እኔም ተከትዬ ወጣሁ። ነፉ። ወንዙ ሞልቶ ቡኒ ሆኗል፤ ከማዶ ባለው የጤፍ ማሳ ሰው ተደርድሮ አረም ያርማል። ጥሩምባው ሲሰማ ሁሉም ቀና አሉ። ወደኛ አዩ። እርስ በርስ ተነጋገሩ። ከዚያ አንድ በአንድ ጎንበስ ብለው ወደ አረማቸው ተመለሱ።

አያ በላይ ከንፈራቸው እስኪያብጥ ነፉ። «እውነት ነው! ሰዎች፣ እውነት ነው! አለኸኝ አርፏል!» ብለው ጮሁ። ወንዙን በዚያ ሙላት በእግር መሻገር አይቻልም፤ በድልድዩ ዞሮ ግን ይመጣል፣ ለቅሶ ከሆነ ሰው ይዞራል። እኔም ጮህኩ። ደረቴን መታሁ፣ መሬት ላይ ወደቅኩ፣ ያለኝን ድምፅ ሁሉ አወጣሁ። ማልቀስ እኮ ሥራዬ ነው። ከማዶ አንዱ እጁን አፉ ላይ አድርጎ መለሰልኝ፦

«ዘበኛው! ካሜራው የት አለ?»

ሳቃቸው በውኃው ላይ መጣ። ያኔ ነው የገባኝ፤ አሳምሬ ባለቀስኩ ቁጥር ትወና ይመስላቸዋል። ዝም ብል ይጠረጥሩ ይሆናል ብዬ ዝም አልኩ። ዝም ስል ደግሞ አለቀ ብለው ተዉን። አንድ የማውቀው ሙያ ነበረኝ፣ በዚያች ቀን ግን ምንም አልጠቀመኝም። ሰማዩ ጠቁሯል፤ ቀብሩ ዝናቡን መቅደም አለበት።

ጎረቤቶቻቸው፣ ቄሶቹ፣ አያ በላይ፣ እኔ። ቃሬዛውን የሚቀባበል ሰው አጥሮን የተሸከምነው ሳንቀያየር ነው። ዕድሜ ልካቸውን የሰው መቃብር የቆፈሩ ሰው መቃብራቸው የተቆፈረው በጥቂት እጅ ነው። ሙሾ የሚያወርድ አልነበረም። ከመቃብሩ ስንመለስ አያ በላይ «ለውሸቱ መጡለት፣ ለእውነቱ ቀሩበት» አሉ። ጥሩምባውን ብብታቸው ሥር ይዘውት ነበር። ያላየሁ መስዬ ፊቴን አዞርኩ።

ወሬው እውነት መሆኑ በማግሥቱ ማዶ ደረሰ። በሣልስቱ ዕለት እትዬ የሺ ደጅ ላይ ተቀምጠን ሳለ ሰው በድልድዩ በኩል ሲመጣ ታየ። መጀመሪያ ጥቂት ነበሩ፤ ከዚያ መንገዱ ነጭ ሆነ። ያ «ካሜራው የት አለ» ያለው ጎልማሳ ከፊት ነበር፤ ቀና ብሎ ማየት አቅቶታል። ግቢው ሞላ፣ ከግቢው ተርፎ መስኩ ላይ ቆሙ። ማንም አላለቀሰም። አፍረው ነው። በምን አፋቸው ያልቅሱ?

እማማ አትጠገብ በሰው ተደግፈው መጡና እትዬ የሺ እግር ሥር ቁጭ አሉ።

«የሺ፣ ቀረሁበት» አሉ። «ጥሩምባውን ሰምቼ ቀረሁበት። አሁን ባለቅስለት ምን ይረባዋል? አይሰማኝ።»

እኔ እዚያው ነኝ። ንስሐዬን በሰው ሁሉ ፊት ልናገር፣ ጥሩምባውን ያስነፋሁት እኔ ነኝ ልል ተነሳሁ። እትዬ የሺ በእጃቸው ቁጭ በል አሉኝ። ከዚያ ወደ እማማ አትጠገብ ጎንበስ ብለው ፊታቸው ላይ ያለውን ጠባሳ፣ ከኅዳር የቀረውን፣ በጣታቸው ዳሰሱት።

«ሰምቶዎታል እኮ» አሏቸው። «ታሞ በተኛበት እንኳ ሙሾዎን እያለልኝ ነበር። ያኔ እንባዬን መልስልኝ ብለውት አልነበር?»

«ብዬው ነበር» አሉ እማማ አትጠገብ።

«አልመለሰልዎትም። ይዞት ነው የሄደው።»